«ስለ ቆዳ ያውቃል»፦ በ1820 በግላስጎው ሸማኔዎች መካከል የከረመው ወጣት ሰባኪ

ጫማ ሰፊው ቀና አላለም። እንግዳውን «ይግቡ» ብላ የተቀበለችው ሚስቱ ናት። እሱ ጀርባውን እንደ ሰጠ ሥራውን ቀጠለ። በሰፈሩ ራዲካል (ተራው ሰውም መምረጥ ይፈቀድለት የሚል) ተብሎ የሚታወቅ፣ ከቤተ ክርስቲያን ከራቀም የቆየ ሰው ነው። ሰባኪ ቤቱ ሲገባ ደስ አይለውም።

እንግዳው ስብከት አልጀመረም። አጠገቡ ያገኘውን ቁራጭ ቆዳ አነሳ። ያኔ አዲስ የወጣው የሚያብረቀርቅ ቆዳ ነበር። አገላብጦ አየውና ስለ አሠራሩ አንድ ሁለት ነገር ተናገረ።

«አንተ ደግሞ ስለ ቆዳ ምን ታውቃለህ?» አለ ጫማ ሰፊው፣ አሁንም ቀና ሳይል።

ያውቃል እንጂ። አባቱ ቆዳ ፋቂ ነው፤ ያደገው በዚያ ሽታ ውስጥ ነው። ስለዚህ አልተቀየመም። ወሬውን ቀጠለ። ጫማ በማሽን እንዴት እንደሚሠራ ማስረዳት ጀመረ። የጫማ ሰፊው እጅ ቀስ እያለ መጣ። በመጨረሻ መሣሪያውን አስቀምጦ ዞረ። «አንተስ ደህና ሰው ነህ! ለመሆኑ ትሰብካለህ?» አለው።

በሚቀጥለው እሑድ ጫማ ሰፊው እያፈረ እያፈረ ቤተ ክርስቲያን ብቅ አለ። በማግስቱ ሰባኪው ጋሎጌት በሚባለው ሰው በሚርመሰመስበት ጎዳና ላይ አገኘው። እጁን ትከሻው ላይ ጣል አደረገና እንደ ድሮ ወዳጅ እያወራ አብሮት ሄደ። ያውም ሰው ሁሉ እያየ። ጎዳናው ሳያልቅ ሰውየው ልቡን ሰጠ። ልጆቹን ትምህርት ቤት ላከ። ለእሑድ ጥቁር ልብሱን መልበስ ጀመረ። ምን ነካህ ሲሉት መልሱ አንድ ነበር፦ «ያ ሰው አስተዋይ ነው። ስለ ቆዳ ያውቃል።»

ሰባኪው ኤድዋርድ ኢርቪንግ ይባላል። ቦታው የስኮትላንዷ ግላስጎው፣ ጊዜው ከ1819 መጨረሻ እስከ 1822 አጋማሽ ነው። (እዚህ ያሉት ዓመታትና ወራት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ይህን ጉዳይ የመረጥኩት አንድ ጥያቄ ስለሚከነክነኝ ነው። ሰፈር ሲናወጥ፣ ሰው በልቶ ማደር ሲያቅተው፣ ወታደር በየመንገዱ ሲቆም፣ ሥልጣንም ገንዘብም የሌለው አንድ ወጣት የሃይማኖት ሰው ምን ማድረግ ይችላል? ምንስ አይችልም?

ሸማኔዎቹ

መጀመሪያ ሰፈሩን እንወቀው። ግላስጎው በ1821 ቆጠራ 147,000 ያህል ሕዝብ ነበራት። ያሳደጋት ጥጥ ነው፤ በተለይ ሙስሊን የሚባለው ስስ ጨርቅ። በከተማው ምሥራቅ ካልተንና በዙሪያው ያሉት መንደሮች የሸማኔ ሰፈር ናቸው። ምድር ቤቱ የሽመና ክፍል ነው፤ ወለሉ ብዙውን ጊዜ አፈር ነው። አፈሩ እርጥበት ስለሚይዝ ክሩ ቶሎ አይበጠስም። ለክሩ ጥሩ ነው፤ ለሸማኔው ሳንባ ግን ጥሩ አይደለም። አባት መወርወሪያውን ከወዲህ ወዲያ ይልካል። እናትና ልጆች ማጉን በቀሰም ያጠነጥናሉ። ገና ነፍስ ያላወቀ ልጅ እንኳ ሥራ አለው። በአንድ ክፍል አራትና ስድስት የሽመና ዕቃ ስለሚቆም ጎረቤት ከጎረቤት ጋር ቀኑን ሙሉ ትከሻ ለትከሻ ነው። የአንዱ ችግር የሌላው ጆሮ ለመድረስ ግድግዳ አይከለክለውም።

እነዚህ ሰዎች ማንበብ የሚችሉ ሰዎች ነበሩ። ይህን አጥብቄ መናገር እፈልጋለሁ። የዘመኑ ሹማምንት ስለ እነሱ ሲጽፉ ስለ አንድ የማያስብ መንጋ የሚያወሩ ይመስላሉና። የስኮትላንድ ሸማኔ መጽሐፍ ይወዳል። ጋዜጣ ውድ ስለሆነ በጋራ ይገዛል። አንዱ ጮክ ብሎ ያነብባል፤ ሌላው እየሠራ ይሰማል፤ ከዚያ ክርክር ይነሣል። መጽሐፍ ቅዱስን ስለሚያውቁ ሰባኪ ሲሳሳት ይነቃሉ። ሽመና እጅና እግርን ይይዛል፤ ጭንቅላትን ግን ነፃ ይተወዋል።

ደግ ዘመንም አይተዋል። በክፍለ ዘመኑ መጀመሪያ ጥሩ ሸማኔ በሳምንት ከ20 ሺሊንግ (ከአንድ ፓውንድ) በላይ ያገኝ ነበር። ቤቱ ንጹሕ፣ ልጁ ተማሪ፣ የእሑድ ልብሱ የሚያኮራ ሰው ነበር። በ1819 ግን አምስት ስድስት ሺሊንግ ይዞ የሚገባው ብዙ ነው። ብዙ ሰው ጥፋቱን በእንፋሎት ማሽን ላይ ያደርገዋል። እኔ አልስማማም። በ1820 በመላው ስኮትላንድ የነበሩት የማሽን ሽመናዎች ሁለት ሺህ ገደማ ቢሆኑ ነው፤ የእጅ ሸማኔው ግን በአሥር ሺዎች ይቆጠራል። ዋናው ነገር ሌላ ነው። ተራውን ሽመና ለመልመድ ረጅም ጊዜ አይፈጅም። ከናፖሊዮን ጦርነት የተመለሰ ወታደር፣ ከደጋው መሬቱን ለቆ የወረደ ስኮትላንዳዊ፣ ባሕር ተሻግሮ የመጣ አይሪሽ፣ ሁሉም ወደ ሽመና ገባ። ሠሪ በዛ፣ ገዢ አነሰ። ነጋዴው ዋጋ ሲቆርጥ እምቢ የሚለው ሰው ጠፋ፤ አንዱ እምቢ ቢል ሌላው ስለሚቀበል። በዚያ ላይ የ1815ቱ የእህል ሕግ ከውጭ የሚገባ እህል ስለ ገደበ ዳቦ ውድ ነበር።

በሕግ በኩልም ሞክረዋል። በ1812 ጉዳያቸውን ፍርድ ቤት አቀረቡ፤ ዳኞቹም ተገቢ የተባለ የክፍያ ተመን አጸደቁላቸው። አሠሪዎቹ ግን አንከፍልም አሉ። ሸማኔዎቹ ሥራ አቆሙ። በአሥር ሺዎች የሚቆጠር የሽመና ዕቃ ጸጥ አለ። መጨረሻው ምን ሆነ? የአድማው መሪዎች ታሰሩ። በ1813 ደግሞ ዳኞች ደመወዝ እንዲተምኑ የሚፈቅደው ሕግ ራሱ ተሻረ። እስቲ በእነሱ ቦታ ሆናችሁ አስቡት። በሕጉ ሄዱ፣ ረቱ፣ ከዚያ ሕጉ ተወሰደባቸው።

ከዚያ በፊትም ደም ፈስሷል። በ1787 የካልተን ሸማኔዎች የደመወዝ ቅነሳ ተቃውመው ሲወጡ ወታደር ተኩሶባቸው ስድስት ሰዎች ሞተዋል። የአያት ወሬ አልነበረም። በ1820 ያንን ቀን ዐይቶ በሕይወት ያለ ሰው በየቤቱ ነበር።

አቤት የሚሉበት ሸንጎም አልነበራቸውም። ያኔ ሁለት ሚሊዮን ከሚሆነው የስኮትላንድ ሕዝብ ለፓርላማ መምረጥ የሚችለው አምስት ሺህ ሰው እንኳ አይሞላም። ራዲካል የሚባሉት የሚጠይቁት ይህንኑ ነበር፦ እኛም እንምረጥ። በኦገስት 1819 በማንችስተር ይህንኑ ለመጠየቅ በወጣ ሕዝብ ላይ ፈረሰኛ ጦር ገብቶ ሰው ገደለ። ወሬው ግላስጎው ሲደርስ ሰፈሩ እንደ ተዳፈነ እሳት ሆነ።

ኢርቪንግ የመጣው ልክ ያኔ፣ በኦክቶበር 1819 ነው።

ማንም ያልፈለገው ሰባኪ

ዕድሜው 27 ነበር። አናን ከምትባል ትንሽ የደቡብ ስኮትላንድ ከተማ ነው የመጣው። ኤድንብራ ተማረ፤ ከዚያ ሃዲንግተን፣ ቀጥሎ ከርኮዲ አስተማሪ ሆነ። በ1815 የመስበክ ፈቃድ አገኘ። ከዚያ በኋላ አራት ዓመት ሙሉ የሚቀጥረው ቤተ ክርስቲያን አጣ። የከርኮዲ ሰዎች ስብከቱ «ግርማው በዛ» እያሉ ያማርሩ ነበር። ተስፋ ሲቆርጥ ፋርስ አገር ሚስዮናዊ ሆኖ ለመሄድ ማሰብ ጀመረ።

ዶክተር ቶማስ ቻልመርስ በዚህ መሃል ነው ያገኙት። በዘመኑ በስኮትላንድ ከእሳቸው የበለጠ ስመ ጥር ሰባኪ አልነበረም ማለት ይቻላል። ኢርቪንግ ኤድንብራ ሲሰብክ ሰሙትና ረዳታቸው እንዲሆን ጠየቁት። የእሱ መልስ ያሳዝናል። እርስዎ ካሉ እሰብክላቸዋለሁ፣ ግን ስብከቴን ከታገሡ የመጀመሪያዎቹ ሰዎች እነሱ ይሆናሉ ነው ያላቸው።

መልኩን የሚያየው ሰው ቄስ አይለውም ነበር። በጣም ረጅም ነው፤ ጥቁር ጸጉሩ ትከሻው ጋ ይደርሳል፤ አንድ ዐይኑ ሸውረር ይላል። አንዱ የፈረሰኛ መኮንን መስሎኝ ነበር አለ። ሌላው የሽፍታ አለቃ ይመስላል ብሎ ለቻልመርስ አወራላቸው። እሳቸው ፈገግ አሉ። ምንም ቢሉት፣ የሰው መሪ ከመሆን ሌላ ነገር አልመሰላቸውም ሲሉ መለሱ።

ሥራው ቅዱስ ዮሐንስ በሚባል አዲስ አጥቢያ ነበር። የከተማው ምክር ቤት በ1819 ለቻልመርስ ብሎ ያቋቋመው ነው። አሥር ሺህ ያህል ነዋሪ አለው፤ ሸማኔ፣ የቀን ሠራተኛ፣ የፋብሪካ ሰው። ከ2,000 ቤተሰብ ውስጥ ከ800 በላይ የሚሆነው ከየትኛውም ቤተ ክርስቲያን ጋር ግንኙነት አልነበረውም። ቻልመርስ አጥቢያውን 25 ቦታ ከፈሉት። ለእያንዳንዱ ሽማግሌና ዲያቆን ሾሙለት። (እዚህ ዲያቆን ሲባል የቅዳሴ አገልጋይ አይደለም፤ ድሆችን እንዲከታተል የተመረጠ ምእመን ነው።) ከግብር የሚመጣ የድሆች መዋጮ ይቅር፣ ድሀውን ዘመዱና ጎረቤቱ ይርዳ፣ የጎደለውን ከቤተ ክርስቲያን ደጃፍ በሚሰበሰብ ምጽዋት እንሙላ የሚል እምነት ነበራቸው።

ኢርቪንግ በዚህ ሁሉ ውስጥ ትንሹ ሰው ነው። ክህነት ገና አልተቀበለም። ማጥመቅ አይችልም፣ ቅዱስ ቁርባን ማቀበል አይችልም። የዲያቆናቱ ገንዘብም በእጁ አይደለም። ያለው እግርና አንደበት ብቻ ነበር። እሑድ እሱ እንደሚሰብክ ሲታወቅ ቻልመርስን ለመስማት የመጣው ሰው ተመልሶ የሚወጣበት ጊዜ ነበር። እኔ እንደማስበው የበጀው ይህ ነው። መድረኩ ላይ ቦታ ስላልነበረው ቤት ለቤት ሄደ።

«ሰላም ለዚህ ቤት»

በር ሲያንኳኳ አንድ ቃል ነበረው። ጎንበስ ብሎ እየገባ «ሰላም ለዚህ ቤት ይሁን» ይላል። ቃሉ የወንጌል ነው። በስኮትላንድ ግን እንዲህ ብሎ የሚገባ ሰው ተሰምቶ አያውቅም። ከዚያ ልጆቹን አንድ በአንድ ራሳቸው ላይ እጁን ጭኖ «እግዚአብሔር ይባርክህ፣ ይጠብቅህም» ይላል። እናቶች ይህን አልረሱም።

ቁጭ ይላል። የቀረበለትን ይቀምሳል፤ ዳቦና ውሃ ቢሆንም። ይጠይቃል፣ ይሰማል። የጫማ ሰፊውን ታሪክ መጀመሪያ ላይ ያመጣሁት ለዚህ ነው። የሰውየውን ሙያ ማወቅ ዘዴ ይመስል ይሆናል። አይደለም። በሙያው የሚያዋራህ ሰው እንደ ሰው ቆጥሮሃል ማለት ነው። ለዚያ ጫማ ሰፊ ብዙ ሰው ስለ ነፍሱ ሊነግረው ሞክሮ ይሆናል። ስለ እጁ ሥራ ያወራው ግን ይሄ ነው።

አንድ ጊዜ ደግሞ ትንሽ የውርስ ገንዘብ ደረሰው። ብዙ አልነበረም። ብሩን መሳቢያ ውስጥ አስቀመጠ። በየቀኑ ለጉብኝት ሲወጣ አንዲት የአንድ ፓውንድ ኖት ይዞ ይወጣል። ባዶ እጁን ይመለሳል። ማግስቱን ሌላ ኖት። መሳቢያው ባዶ እስኪሆን እንዲህ አደረገ። አለቃው ይህን ቢያዩ ምን ይሉ ነበር እላለሁ። እንዲህ ያለ ያልተጣራ ምጽዋት ድሀውን ያበላሻል ብለው የሚያስተምሩ ሰው ነበሩና። የእሳቸው ዲያቆን መጀመሪያ ይጠይቃል፦ ዘመድ የለህም? ሥራ ማግኘት አትችልም? የኢርቪንግ አንድ ፓውንድ ግን ምንም አይጠይቅም።

ሌላ ቀን ገጠር መንገድ ላይ፣ ዕቃ አዝሎ አገር ላገር እየዞረ የሚሸጥ አንድ አይሪሽ ደክሞት አገኘው። ጭነቱን ተቀብሎ ራሱ ተሸከመ። አብረውት የነበሩ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች አፈሩ። እሱ ምኑ እንደሚያሳፍር አልገባውም።

ኤፕሪል 1820

ማርች 21 ቀን ጋሎጌት አካባቢ አንድ መጠጥ ቤት ውስጥ የተሰበሰቡ 28 የራዲካል ኮሚቴ አባላት በድብቅ ተያዙ። መንግሥት በመሃላቸው ጆሮ ጠቢ ነበረው። በኤፕሪል 1 ምሽት በከተማው ግድግዳ ሁሉ አንድ አዋጅ ተለጠፈ። ጊዜያዊ መንግሥት ለማቋቋም በተደራጀ ኮሚቴ ስም የወጣ ነው። መብታችን እስኪመለስ ሥራ አቁሙ ይላል። አዋጁን ማን ጻፈው? እውነተኞቹ ራዲካሎች ወይስ ሕዝቡን ወጥመድ ሊያስገቡ የፈለጉ የመንግሥት ሰዎች? ታሪክ ጸሐፊዎች እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል።

ማግስቱ እሑድ ነው። ሰው ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲሄድ ነው ያነበበው። ይህን እሑድ ብዙ ጊዜ አስበዋለሁ። መዝሙር መጽሐፍ በእጅ፣ አዋጅ በግድግዳ።

ሰኞ 60,000 ያህል ሰው ሥራ አቆመ። የሽመናው ቋቋታ ጸጥ አለ። ከተማው በወታደር ተሞላ። ረቡዕ ዕለት ጥቂት ሰዎች፣ ሠላሳ ገደማ ቢሆኑ ነው፣ ጦር መሣሪያ ለማምጣት ወደ ካሮን የብረት ፋብሪካ ተጓዙ። ቦኒሙር ላይ ፈረሰኛ ጦር አገኛቸው። ውጊያው ወዲያው አለቀ። መሪዎቹ ጆን ቤርድና አንድሩ ሃርዲ ይባላሉ፤ ሁለቱም ሸማኔ ናቸው። ሃርዲ የግላስጎው ልጅ ነው፤ በዕድሜ የኢርቪንግ እኩያ ማለት ይቻላል። ቅዳሜ ዕለት ደግሞ በግሪኖክ እስረኛ የሚያጅቡ ሚሊሻዎች ሕዝብ ላይ ተኩሰው ስምንት ሰው ገደሉ።

ኦገስት 30 ቀን የስትሬቨኑ ጄምስ ዊልሰን በግላስጎው ሕዝብ ፊት ተሰቀለ። ስልሳ ዓመት ገደማ የሆነው የካልሲ ሠሪ ነበር። ሴፕቴምበር 8 ቀን ቤርድና ሃርዲ ስተርሊንግ ላይ ተሰቀሉ። ሦስቱም ከተሰቀሉ በኋላ አንገታቸው ተቆርጧል። 19 ሰዎች ወደ አውስትራሊያ ተጋዙ። ሥራ ለፈቱ ሸማኔዎች ደግሞ ኤድንብራ ላይ ከተማውን ቁልቁል በሚያየው ገደል ሥር መንገድ የማውጣት ሥራ ተሰጣቸው። መንገዱ እስከ ዛሬ የራዲካል መንገድ ይባላል።

በዚህ ሁሉ ውስጥ ኢርቪንግ የት ነበር? ቤት ለቤት። ያ የከፋ ጊዜ በሙሉ፣ በየቀኑ ማለት ይቻላል፣ ቤተሰቦቹን ሲዞር ነበር። አመፁን አላስቆመም። ማንንም ከገመድ አላዳነም። የማንንም ደመወዝ በአንድ ሳንቲም አልጨመረም። እዚህ ላይ ግልጽ መሆን አለብን። አንድ ደግ ሰው ሰፈሩን አረጋጋው ብሎ መጻፍ ቀላል ነው፤ እውነት ግን አይደለም።

ያደረገው ሌላ ነገር ነው። አየ። ሌላው «መንጋ» ያለውን እሱ ስም በስም አየው። በዚያ ወቅት በጻፈው ደብዳቤ ላይ ያለው ነገር ይገርመኛል። በየቀኑ የምጎበኛቸውን፣ በከተማው እጅግ ድሀና እጅግ ክፉ ስም የወጣላቸውን ሰዎች በተመለከተ ያየሁትን ብናገር፣ ምስክርነቴ በጣም ጥሩ ከመሆኑ የተነሣ ለራሴ አያሰጋኝም አልልም፤ እኔንም ራዲካል ይሉኛል ይላል።

ይህን ስትሰሙ ሁለት ነገር ይሰማችኋል ብዬ አስባለሁ። አንደኛ፣ ሰውየው እውነቱን አይቷል። ሁለተኛ፣ ፈርቷል። በዚያው ዓመት ቻልመርስ ለመንግሥት መገዛት የክርስቲያን ግዴታ ስለ መሆኑ ሰበኩ፤ ስብከቱም ታተመ። ረዳታቸው ያየው ግን ደብዳቤ ውስጥ ቀረ። አልፈርድበትም። የአንድ ዓመት ሥራ እንኳ ያልሞላው፣ ከዚህ ቢባረር መሄጃ የሌለው ልጅ ነበር። ቢሆንም ያኔ ቢናገረው ኖሮ እላለሁ። የሸማኔውን ዋጋ የሚቆርጡት ነጋዴዎችም ከዚያው መድረክ ሥር ተቀምጠው ይሰሙ ነበር።

የሚቆጠረውና የማይቆጠረው

የቅዱስ ዮሐንስ አጥቢያ ዝናው በአንድ ቁጥር ነው። ለድሆች ይወጣ የነበረው በዓመት 1,400 ፓውንድ በቻልመርስ ዘዴ ወደ 280 ወረደ። ብዙ ሰው ይህን እንደ ተአምር አወራው። እኔ ከኢርቪንግ ምስክርነት ጎን ሳስቀምጠው ይጨንቀኛል። ቁጥሩ የሚለካው የጠየቀውን ሰው ነው። ኢርቪንግ ያያቸው ሰዎች ግን ችግራቸውን አፍ አውጥተው የማይናገሩ፣ ጎትተህ ካላወጣህ በቀር የማይነግሩህ ሰዎች ነበሩ። የሸማኔ ኩራት አለ። የእሑድ ልብሱን ሳይሸጥ እጁን የማይዘረጋ ሰው አለ። ያ ሰው በመዝገቡ ላይ የለም። ዲያቆኑ ደብተር ይዞ ሲመጣ «ደህና ነን» ይላል። ልጆቹን ለባረከለት፣ ዳቦውን ለቀመሰለት ሰው ግን ይናገራል።

የዲያቆናቱ ድካም ከንቱ ነበር አልልም። ብዙዎቹ ልባቸውን የሰጡ ሰዎች ናቸው። ግን ሸማኔው የተራበው ጎረቤት አጥቶ አይደለም፤ በየክፍሉ ስድስት ጎረቤት አለው። ሁሉም አብረው ተርበዋል። የጨርቅ ዋጋ ሲወድቅ ጎረቤት ለጎረቤት የሚያበድረው አይኖረውም።

ስንብት

በ1822 ለንደን ከሚገኝ አንድ ትንሽ የስኮትላንዳውያን ጸሎት ቤት ጥሪ መጣለት። ክህነቱን በትውልድ ከተማው በአናን ተቀበለ። ከመሄዱ በፊት ለቅዱስ ዮሐንስ አጥቢያ የስንብት ስብከት ሰበከ። በደብዳቤ የደበቀውን ያኔ አፍ አውጥቶ ተናገረ።

ባዶ ግድግዳ ባለው ቤት ተቀምጦ የሰማውን ዘረዘረ። ድካሙ ዋጋ ያላገኘ ሠራተኛ። ተስፋው የተሟጠጠ ቤተሰብ። የተሻለ ፍለጋ የተበተኑ ልጆች። ድሮ የሚቆጥብ ቤት ዛሬ ባለዕዳ ሲሆን። ዳቦና ውሃ። እኔ ብርም ወርቅም አልነበረኝም፣ የሌላውን ምጽዋት የማዘዝ ሥልጣንም አልነበረኝም አለ። ግን በለሰለሰ ቃልና በደግ ድምፅ የተነገረ የእምነት ተስፋ፣ መከራ በልብ ውስጥ የሚያጠራቅመውን ምሬት ሳያወጣ የቀረበት ጊዜ የለም ሲል መሰከረ። ሰዎቹም አብዛኞቹ መከራቸውን በትሕትናና በትዕግሥት ነው የነገሩኝ አለ። ይህን የሚለው ከሁለት ዓመት በፊት ወታደር ስለ ዘመተባቸው ሰዎች ነው።

ሁለት ዓመት ዘግይቷል። ግን ተናገረው፤ የሚመለከታቸው ሰዎች በተቀመጡበት።

ለንደን ላይ ዝናው ናኘ። የፓርላማ ሰዎችና መኳንንት በሠረገላ እየመጡ ይሰሙት ጀመር። ከዚያ ስለ ክርስቶስ ሰውነት ባስተማረው ትምህርት ተከሰሰና በ1833 እዚያው አናን ላይ ክህነቱ ተነሣ። ይህ ሌላ ታሪክ ነው። በ1834 መጨረሻ ታሞ፣ መንምኖ ግላስጎው ገባ። ዲሴምበር 7 ቀን በ42 ዓመቱ እዚያው ሞተ። በከተማው ካቴድራል ምድር ቤት ተቀበረ።

በዚያው በ1834 የለንደን ፓርላማ የእጅ ሸማኔዎችን አቤቱታ የሚሰማ ኮሚቴ አቋቁሞ ነበር። ስለ ደመወዛቸው፣ ስለ ዳቦው ዋጋ፣ ስለ ልጆቻቸው የቀረበው ምስክርነት እየተጻፈ፣ እየታተመ ወጣ።